«ተራዝሟል» ሲሏችሁ ወረቀቱን ጠይቁ

ውጭ አገር ሆናችሁ በኢትዮጵያ ፍርድ ቤት ክስ ኖሯችሁ በውክልና የምትከራከሩ ወገኖቼ ደጋግማችሁ የምትጠይቁኝ አንድ ነገር ነው፤ «ወኪሌ ቀጠሮ ቀርቶ መዝገቡ ተዘጋ፣ ምን ላድርግ?» መጀመሪያ በየትኛው አንቀጽ እንደተዘጋ እወቁ። በ1958 ዓ.ም. የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ መሠረት ሁለቱም ወገኖች ካልቀረቡ መዝገቡ በአንቀጽ 69(2) ይዘጋል፤ ይርጋ (ለመክሰስ በሕግ የተወሰነው ጊዜ ማለፍ) እስካላገደው ድረስ የዳኝነት ክፍያ ከፍሎ እንደገና መክሰስ ይቻላል። ተከሳሹ ቀርቦ ከሳሹ ከቀረ ግን፣ ተከሳሹ ክሱን ካላመነ በቀር፣ በአንቀጽ 73 ውድቅ ይሆናል። በዚያው ጉዳይ አዲስ ክስ ማቅረብ አይፈቀድም። የቀረው በር አንቀጽ 74 ነው፤ በአንድ ወር ውስጥ መዝገቡ እንዲከፈት አቤቱታ አቅርቦ የቀሩበትን በቂ ምክንያት ማስረዳት። ወሩ የሚቆጠረው ትዕዛዙ ከተሰጠበት ቀን ጀምሮ እንጂ እናንተ ከሰማችሁበት ቀን አይደለም።

እኔን ያቃጠለኝ ይህ አንድ ወር ነው። ገንዘቤን ተቀብሎ ቤቱን ያላስረከበኝን ሰው ከስሼ ውክልናውን ለአክስቴ ልጅ ሰጠሁ። ሌባ አይደለም። እናቴ በታመመች ጊዜ በሌሊት ተሸክሞ ሆስፒታል ያደረሳት እሱ ነው። ከቀጠሮ በኋላ በደወልኩ ቁጥር «ተራዝሟል እህቴ፣ አታስቢ» ይለኛል፤ እኔም አመስግኜ የመመላለሻ ገንዘብ እልካለሁ። በአራተኛው ወር ድምፁ አላምር ቢለኝ የትዕዛዙን ግልባጭ ፎቶ አንስቶ እንዲልክልኝ ለመንኩት። ሁለት ቀን ቆየ። የመጣው ግማሽ ገጽ የማይሞላ ወረቀት ነው፤ ከሳሽ አልቀረበም፣ ተከሳሽ ከጠበቃው ጋር ቀርቧል፣ በአንቀጽ 73 ተዘግቷል፣ መዝገቡ ወደ መዝገብ ቤት ይመለስ። ከሥሩ ክብ ማኅተም። ቀኑን ስቆጥር ሦስት ወር ከአሥር ቀን አልፎታል።

ለካ የዚያን ዕለት አለቃው ፈቃድ ከልክሎታል። በማግሥቱ ሄዶ ሲጠይቅ መዘጋቱን ነገሩት። ሊነግረኝ ስንት ጊዜ ስልኩን አንስቶ አፉ እንዳልታዘዘለት እያለቀሰ አጫወተኝ። ያን ዕለት ቢነግረኝ ወሩ ገና መጀመሩ ነበር።

ስለዚህ ውክልና ስትሰጡ «ይሰርቀኛል ወይ?» ብላችሁ ብቻ አትመዝኑ። «ክፉ ወሬ ሊነግረኝ ይደፍራል ወይ?» ብላችሁ መዝኑ። አብልጦ የሚወዳችሁ ዘመድ እንዳያሳዝናችሁ ሲል ይደብቃችኋል፤ ይሉኝታው ከስስቱ ይብሳል። ከተከሳሹ ጋር በእድርም ሆነ በጋብቻ የሚገናኝ ከሆነማ ጭራሽ አታስገቡት፤ ሁለቱን ወገን ላለማስቀየም ሲል ከችሎት መቅረት ይቀለዋል። ለወኪላችሁም አስቀድማችሁ ንገሩት፤ «ብትቀር አልቆጣህም፣ ከደበቅኸኝ ግን እንጎዳለን» በሉት። እኔ ይህን ሳልለው ነው የተጎዳሁት።

አነጋገራችሁንም ቀይሩ። «እንዴት ሆነ?» ካላችሁ መልሱ «ደህና» ነው። «ማን ቀረበ? ዳኛው ምን አዘዙ? ለመቼ ተቀጠረ?» በሉ፤ ከእያንዳንዱ ቀጠሮ በኋላ የትዕዛዙን ፎቶ አስልኩ። የመዝገብ ቁጥሩንና የችሎቱን ስም ለሌላ አንድ ሰውም ስጡ፤ ያ ሰው ከወኪሉ ጋር የማይመካከር ይሁን። ጠበቃ ብትቀጥሩም ይኸው ነው።

ውክልናውን በኤምባሲ ወይም በቆንስላ ትፈርማላችሁ፤ አገር ቤት በውጭ ጉዳይ ሚኒስቴር ከተረጋገጠ በኋላ ወደ ሰነዶች ማረጋገጫ ይሄዳል። ክስ መመሥረትና መከራከር የሚሉት ቃላት በግልጽ ይጻፉበት፤ በፍትሐ ብሔር ሕጉ አንቀጽ 2205 መሠረት ለዚህ ልዩ ውክልና ያስፈልጋል፣ ጠቅላላው አይበቃም። ቀጠሮው በኢትዮጵያ አቆጣጠር መሆኑንም አትርሱ፤ «ጠዋት 3 ሰዓት» ማለት በፈረንጅ አጠራር በኢትዮጵያ ከጠዋቱ 9 ሰዓት ነው።

ተከሳሽ ሆናችሁ መጥሪያ ደርሷችሁ ከቀራችሁ ደግሞ ጉዳዩ በሌላችሁበት ይታያል። በሥነ ሥርዓት ሕጉ አንቀጽ 78 ውሳኔው እንዲነሳላችሁ ለመጠየቅ ካወቃችሁበት ቀን ጀምሮ አንድ ወር አላችሁ።

መዝገባችሁ ሰሞኑን ተዘግቶ ከሆነ ዘመድ መውቀሱን ለሌላ ጊዜ አቆዩትና ዛሬውኑ የትዕዛዙን ግልባጭ አስወጡ። ወኪሉ ያልቀረበው ታሞ ከሆነ የሐኪም ማስረጃውን፣ ሐዘን ገጥሞት ከሆነ የሚመሰክሩለትን ሰዎች ስም ይዞ ነገ ጠዋት ጠበቃ ዘንድ ይሂድ።