ከፑንታ ካና ወደ ሳንቶ ዶሚንጎ፦ በአንድ ቀን ጉብኝት የሚሠሩ ስህተቶች

የመጀመሪያው ጉዟችን አሥራ ሁለት ሰዓት ፈጅቷል። ከዚያ ውስጥ አሮጌዋን ከተማ በእግራችን ያየነው ለሦስት ሰዓት ተኩል ቢሆን ነው። የቀረው በመንገድ፣ በየሆቴሉ ደጃፍ ሰው በመጠበቅ፣ በአንድ ትልቅ የስጦታ ዕቃ መደብርና በምሳ ሰልፍ አለቀ። ከሁለት ዓመት በኋላ የባለቤቴ እህት ልደቷን እዚያው የባሕር ዳርቻ ልታከብር ስትጠራን ጉዞውን ደገምነው። መንገዱ ያው፣ ከተማዋም ያችው ነበረች፤ ቀኑ ግን ሌላ ቀን ሆነ። ልዩነቱን ያመጣው አውቶቡስ ላይ ከመውጣታችን በፊት የወሰንናቸው ጥቂት ነገሮች ናቸው።

ፑንታ ካና የዶሚኒካን ሪፐብሊክ ምሥራቃዊ ጫፍ ናት። እኔ በምኖርባት ሜሪላንድ ለሠርግ ወይም ለዕረፍት ያልሄደባት ጓደኛ የለኝም ማለት ይቻላል። ሳንቶ ዶሚንጎ ከዚያ ወደ ምዕራብ 200 ኪሎ ሜትር ገደማ ትርቃለች፤ ለአውቶቡስ ሁለት ሰዓት ተኩል ያህል ነው። የኮሎምበስ ወንድም ባርቶሎሜ በ1490ዎቹ ቆረቆራት፤ በ1502 ደግሞ ከኦሳማ ወንዝ ምሥራቃዊ ዳር ወደ ምዕራባዊው ተዛወረች። አውሮፓውያን በአሜሪካ ምድር ከመሠረቷቸውና እስከ ዛሬ ሰው ሳይለያቸው ከኖሩ ከተሞች ቀዳሚዋ እርሷ ናት፤ ዩኔስኮም በ1990 በዓለም ቅርስነት መዝግቧታል። (ዓመቶቹን በፈረንጆች፣ ሰዓቶቹን በእኛ አቆጣጠር ነው የጻፍኩት።)

ዋጋ ብቻ ጠይቆ መመዝገብ

በሪዞርቱ እንግዳ መቀበያ ጥግ ጠረጴዛ ዘርግቶ የተቀመጠው ሻጭ ስለ ዋጋ ሲጠየቅ ደስ ይለዋል፤ ስለ ሰዓት ሲጠየቅ ግን ፈገግታው ይቀንሳል። ስለዚህ ሰዓት ይጠይቁት። አውቶቡሱ ከእኛ በፊትና በኋላ ስንት ሆቴል ይቆማል? አሮጌዋ ከተማ ውስጥ በእግር የምንሄደው ስንት ሰዓት ነው? የየትኞቹ ሕንፃዎች መግቢያ ተከፍሏል፣ የትኞቹንስ ከውጭ ብቻ ነው የምናየው? ሪዞርቶቹ በባሕሩ ዳር ለብዙ ኪሎ ሜትር ተዘርግተዋል። በሰሜን በኩል ኡቬሮ አልቶ ያረፈ ሰው ከንጋቱ አሥራ አንድ ሰዓት ተኩል ላይ ተጭኖ፣ ሌሎቹ እስኪለቃቀሙ አንድ ሰዓት በእንቅልፍ ልብ ሊዞር ይችላል።

አራተኛው ጥያቄ ከሁሉም ይበልጣል፦ አስጎብኚው በስንት ቋንቋ ነው የሚናገረው? በመጀመሪያው ጉዟችን አንዱን ታሪክ በስፓኒሽ፣ ከዚያ በእንግሊዝኛ፣ ከዚያ በፈረንሳይኛ ይተርክ ነበር። እንግሊዝኛው ተራው ሲደርስ ሕንፃውን አልፈነዋል። ሰውዬው አዋቂ ነበር፤ ከእውቀቱ የደረሰን ግን ሲሶው ብቻ ነው። በሁለተኛው ጊዜ አነስተኛ ተሽከርካሪ ያለውንና በአንድ ቋንቋ ብቻ የሚያስጎበኘውን መረጥን። በሰው ጥቂት አሥር ዶላሮች ጨመረብን፤ እኔ ግን በዚያ ጉዞ ካወጣሁት ገንዘብ ሁሉ የማልጸጸትበት እርሱን ነው።

ሰኞን መምረጥ

ቅዳሜ የገባ እንግዳ እሑድ ባሕሩን ጠግቦ ሰኞ ከተማ ማየት ያምረዋል። በሳንቶ ዶሚንጎ ግን የኮሎምበስ ልጅ የዲዬጎ መኖሪያ የነበረውን አልካሳርን ጨምሮ አብዛኞቹ ሙዚየሞች ሰኞ ዝግ ናቸው። አውቶቡሱ ሰኞም ይሄዳል። በር ያያሉ።

ፓስፖርትን ካዝና ውስጥ ትቶ መውጣት

ይህን ነጮቹ የጉዞ ጸሐፊዎች እምብዛም አያነሱትም፤ ለእኛ ግን ከሁሉም በላይ ነው። ዶሚኒካን ሪፐብሊክ ደሴቲቱን ከሃይቲ ጋር ትጋራለች። የአገሪቱ የኢሚግሬሽን ሠራተኞች ሃይቲያውያንን እየያዙ በብዛት ይመልሳሉ፤ ፍተሻው ደግሞ በዓይን ነው የሚጀምረው። በኖቬምበር 2022 በሳንቶ ዶሚንጎ የሚገኘው የአሜሪካ ኤምባሲ፣ ጠቆር ያለ ቆዳ ያላቸው ዜጎቹ በእነዚህ ዘመቻዎች ሊጠየቁ፣ ሊጉላሉና ሊያዙ እንደሚችሉ አስጠንቅቆ ነበር። የአገሪቱ መንግሥት ማስጠንቀቂያውን ተቃውሞታል።

እኛ የደረሰብን ትንሽ ነገር ነው። በመጀመሪያው ጉዞ መመለሻችን ላይ አውቶቡሱ አውራ ጎዳናው ላይ ቆመና አንድ ዩኒፎርም የለበሰ ሰው ወጣ። ከሠላሳ ምናምን መንገደኛ መካከል የጠየቀው ሁለታችንን፣ ማለትም እኔንና አንድ ከካናዳ የመጣ ጥቁር ሰው ነበር። ካናዳዊው የያዘው የእጅ መለያውን ብቻ ነው፤ ሪዞርቱ በመጀመሪያው ቀን የሚያስረውን ያንን የፕላስቲክ አንባር። አስጎብኚው ተነሥቶ ተናገረለት፣ ጉዳዩም በደቂቃዎች ተዘጋ። ዝምታው ግን እስከ ሪዞርቱ በር ድረስ አብሮን ሄደ። ዋናው ፓስፖርት በውስጥ ኪስ ይሁን። መጥፋቱ የሚያሳስበው ሰው ፎቶ ያለበትን ገጽና የመግቢያ ማኅተሙን ቅጂ ይያዝ። በኢትዮጵያ ፓስፖርት የሚጓዝ ደግሞ ግሪን ካርዱን ወይም የመኖሪያ ፈቃዱን አብሮ ይያዝ፤ ያለ ዶሚኒካን ቪዛ ያስገባው እርሱ ነውና።

ለባሕር በለበሱት ልብስ ከተማ መግባት

ካቴድራሉ በአሜሪካ አህጉራት የቀደምትነት ማዕረግ ያለው ነው። ግንባታው በ1510ዎቹ ተጀምሮ በ1540 አካባቢ ተጠናቋል፤ ወርቃማ የሚመስለው ድንጋዩም ከኮራል የተገኘ ነው። በቁምጣና በተራቆተ ትከሻ አያስገቡም። አንዳንዴ በሩ ላይ ጨርቅ ይሰጣሉ፣ አንዳንዴ አይሰጡም። ባለቤቴ በቦርሳዋ የያዘቻት ነጠላ ሦስት ጊዜ አገለገለች፦ በካቴድራሉ፣ በብሔራዊው የጀግኖች መካነ መቃብር፣ ከሁሉም በላይ ደግሞ አውቶቡሱ ውስጥ። የእነዚህ አውቶቡሶች ቅዝቃዜ የደብረ ብርሃንን ሌሊት ያስታውሳል። ጫማ ደግሞ ሶሉ ጠንከር ያለ ይሁን፤ የጥንቱ ጎዳና ድንጋይ ነው፣ ፀሐዩም ከላይ አይምርም።

ምሳው ይታወቃል ብሎ መተው

ምሳው ብዙውን ጊዜ ሩዝ፣ ባቄላ መሰል ቦሎቄና ዶሮ ነው፤ አገሬው ይህን ዓይነቱን ገበታ “ሰንደቅ ዓላማ” ይለዋል። ለሚጾም ሰው ሩዙና የተጠበሰው ሙዝ ይበቃል። ቦሎቄው ግን አንዳንዴ በአሳማ ሥጋ ይጣፍጣል፤ ስለዚህ “ሲን ካርኔ?” ብሎ መጠየቅ ያስፈልጋል፣ ያለ ሥጋ ነው ወይ ማለት ነው። በራስዎ ሂሳብ የሚበሉ ከሆነ ደረሰኙ ላይ 18 በመቶ ግብርና 10 በመቶ የአገልግሎት ክፍያ ተደምሮ ሲያገኙ አይደንግጡ። ሕጉ ነው። ከምሳ በኋላ የሚቀርበው ቡና በትንሽ ስኒ፣ በብዙ ስኳር ነው። ሁለተኛ ጠየቅሁ፤ ከዚህ በላይ ምስክርነት አልሰጥም።

መጀመሪያ የቆሙበት መደብር መግዛት

ከአንድ ሰዓት መንገድ በኋላ “ለመጸዳጃ” ተብሎ የሚቆምበት ቦታ አለ። መጸዳጃው ከመደብሩ በስተጀርባ ነው፤ ወደዚያ ለመድረስ ጌጣጌጡን፣ ሲጋራውን፣ ሩሙን ሁሉ ማቋረጥ ግድ ነው። የአገሩ መታወቂያ የሆኑ ሁለት የጌጥ ማዕድናት አሉ፦ እንደ ባሕሩ ውኃ ሰማያዊ የሆነው ላሪማር፣ ባራኦና በተባለው የደቡብ ምዕራብ ክፍለ ሀገር የሚወጣና በሌላ አገር የማይገኝ፤ ሁለተኛው ደግሞ ከጥንት የዛፍ ሙጫ የሆነው አምበር። የሁለቱም አስመሳይ ሞልቷል። እውነተኛ አምበር በደንብ ጨው በበዛበት ውኃ ላይ ይንሳፈፋል፣ አብዛኛው ፕላስቲክ ይሰጥማል። ይህን ሙከራ በፊታችሁ ለማድረግ ቅር የሚለው ነጋዴ መልሱን ሰጥቷል። እኔ በመጀመሪያው መደብር በአርባ ዶላር የገዛሁት ሰማያዊ የአንገት ጌጥ በስድስተኛው ወር ቀለሙን ለቀቀ።

ሁሉንም በአንድ ቀን ማየት

በብሮሹሩ ላይ የቦታዎቹ ዝርዝር ሲረዝም ጥሩ ይመስላል። ሎስ ትሬስ ኦሆስ የተባሉት የዋሻ ሐይቆች ያምራሉ፤ ደረጃቸውን ወርዶ መውጣት ግን ጊዜ ይፈልጋል። ፋሮ አ ኮሎን የተባለው ግዙፍ የመስቀል ቅርጽ ያለው ሐውልት ደግሞ ኮሎምበስ አሜሪካን የረገጠበትን 500ኛ ዓመት ለማክበር በ1992 የተመረቀ ነው። አገሪቱ አፅሙ እዚህ አርፏል ትላለች፤ የስፔኗ ሴቪያም ይኸንኑ ትላለች። ለእኔ አንድ ሰዓት የሚገባው ጉዳይ አይደለም። ሁለቱም ከወንዙ ማዶ ናቸው፤ አሮጌዋ ከተማ ግን በአጠቃላይ አንድ ካሬ ኪሎ ሜትር ገደማ ስለሆነች በእግር ትዳረሳለች። ከሁለቱ አንዱን መዝለል የሚቻል ከሆነ ይዝለሉት።

ከኮሎምበስ በስተቀር ማንንም ሳያዩ መመለስ

አስጎብኚዎች “የመጀመሪያው” የሚለውን ቃል ይወዱታል፦ የመጀመሪያው ካቴድራል፣ የመጀመሪያው ሆስፒታል፣ ድንጋይ የተነጠፈበት የመጀመሪያው ጎዳና። ጎዳናው ካዬ ላስ ዳማስ፣ የእመቤቶች ጎዳና ይባላል፤ የዲዬጎ ኮሎምበስ ሚስት ከነደንገጡሮቿ ትንሸራሸርበት ነበር ይላሉ። ድንጋዩን ማን ጠረበው ብሎ የሚጠይቅ መንገደኛ ግን አላየሁም። እኔም በመጀመሪያው ጊዜ አልጠየቅሁም።

በካቴድራሉ ፊት ያለው የኮሎምበስ ሐውልት እግር ሥር አንዲት ራቁቷን ያለች ሴት ወደ ላይ ስትንጠራራ ትታያለች። አናካኦና ናት ይባላል፤ የታይኖ፣ የደሴቲቱ ነባር ሕዝብ፣ መሪ የነበረች። ገዥው ኒኮላስ ዴ ኦቫንዶ በ1503 ሰቅሎ አስገደላት። የእርሱም ሐውልት ከዚያ ጥቂት መቶ እርምጃ ርቆ፣ አልካሳሩ ያለበት አደባባይ ላይ ቆሟል። ሁለቱን በአንድ ከሰዓት ማየት ይቻላል፤ ማንም ግን አያገናኛቸውም። በዲሴምበር 1511 ደግሞ መነኩሴው አንቶኒዮ ደ ሞንቴሲኖስ በዚህችው ከተማ፣ ዲዬጎ ኮሎምበስን ጨምሮ ሹማምንቱ በተቀመጡበት፣ ስለ ታይኖዎች “እነዚህስ ሰዎች አይደሉምን?” ብሎ ሰበከባቸው። የእርሱ ግዙፍ ሐውልት በባሕሩ ዳር እጁን ወደ አፉ አድርጎ ይጮኻል፤ አውቶቡሱ በፍጥነት ያልፈዋል፣ በመስኮት ይጠብቁት።

ታይኖዎቹ ሲያልቁ ከአፍሪካ ሰው መጣ። በ1521 የገና ሰሞን በዲዬጎ ኮሎምበስ የሸንኮራ አገዳ እርሻ ላይ በባርነት የነበሩ አፍሪካውያን ተነሡ፤ ብዙዎቹ ከሴኔጋል አካባቢ የተወሰዱ ወሎፎች ነበሩ። በአሜሪካ ምድር ከተመዘገቡት የባሪያዎች አመፆች ቀዳሚው እንደሆነ ይነገርለታል። አመፁ ተደመሰሰ፤ በቀጣዩ ጃንዋሪም ዲዬጎ የባሮችን እንቅስቃሴ የሚገድብ ጥብቅ ደንብ አወጣ። በዚያው የገና ሰሞን የፖርቱጋል መልእክተኞች በአፄ ልብነ ድንግል ሰፈር እንግዶች ነበሩ። ሁለቱን ነገሮች በአንድ ዓመት ላይ አስቀምጬ አስቤ አላውቅም ነበር፤ አልካሳሩን ከነመስኮቶቹ ሳየው ግን ገንዘቡ ከየት መጣ የሚለው ጥያቄ ዝም አላለኝም። ያ አመፅ ግን “የመጀመሪያው” ተብሎ አልተነገረንም።

በሁለተኛው ጉዞ መመለሻችን ላይ ከሳን ፔድሮ ደ ማኮሪስ ወዲህ በመንገዱ ግራና ቀኝ የሸንኮራ አገዳ ማሳ ይታይ ነበር። ፀሐይ እየጠለቀች ነው፤ ግማሹ ሰው ተኝቷል። አስጎብኚያችንን ስለ 1521 ጠየቅሁት። ማይክሮፎኑን አጥፍቶ አጠገቤ መጥቶ ተቀመጠ፤ እስከ ላ ሮማና ድረስ አወራን።