ሐዋሳ ላይ የልደት ምስክር ወረቀት ስታወጡ የሚያመላልሱ ስህተቶች

ለፓስፖርት ብዬ የልደት ምስክር ወረቀት ለማውጣት ከሦስት ሳምንት በላይ ተመላልሻለሁ። መስኮቱ ላይ ያሉትን ማማት ይቀላል፤ ግማሹ ጥፋት ግን የራሴ ነበር።

ትልቁ ስህተት ወረቀቶቹን ቤት ውስጥ አለማስተያየት ነው። የስምንተኛ ክፍል ካርዴ ላይ አያቴ «ኃይለሥላሴ»፣ መታወቂያዬ ላይ «ሀይለስላሴ» ናቸው። ሲጠሩ አንድ ናቸው፤ ለመዝጋቢዋ ግን ሁለት ሰው። «አያትህ የትኛው ናቸው?» ስትለኝ ሳቅሁ፤ እሷ አልሳቀችም። ሀ፣ ሐ እና ኀን፣ ሰ እና ሠን፣ ጸ እና ፀን በየወረቀቱ ፊደል በፊደል እዩ። (የከተማችን ስም ራሱ አዋሳ፣ ሀዋሳ፣ ሐዋሳ እየተባለ ይጻፋል፤ እሱን የሚመልስ መስኮት ግን የለም።)

ትውልድ ቦታንም በግምት አትሙሉ። የድሮ ወረቀታችሁ «ደቡብ ክልል» ይላል፤ ከ2012 ወዲህ ደግሞ ሲዳማ ክልል ነው። የትኛው እንደሚጻፍ ሳልጠይቅ ሞልቼ ቅጹን ደግሜዋለሁ።

ወደ ፈረንጅ አቆጣጠር ስትቀይሩ ሁልጊዜ 8 አትደምሩ። ኅዳር 1990 የተወለደ 1997 ነው፤ ግንቦት 1990 ከሆነ 1998።

አራስ ልጅ ያላችሁ ደግሞ፣ ሆስፒታል የሚሰጠው «የልደት ማሳወቂያ» ራሱ የልደት ምስክር ወረቀት እንዳልሆነ እወቁ። እሱን ይዛችሁ በ90 ቀን ውስጥ ቀበሌ አስመዝግቡ።

በቃል ብቻ መጠየቅም ዋጋ ያስከፍላል። «ኃላፊው ስብሰባ ናቸው፣ ነገ ተመለስ» የተባለ ሰው ነገም አዲስ ባለጉዳይ ነው፤ ትናንት መምጣቱን የሚያውቅለት የለም። እኔ አራት ቀን እንዲህ አለፈብኝ። በመጨረሻ አንድ ሽማግሌ ባለጉዳይ «ልጄ፣ ጻፍና መዝገብ ቤት ገቢ አስደርግ» አሉኝ። ማመልከቻውን በሁለት ኮፒ አዘጋጁ፤ አንዱን አስገብታችሁ በሌላው ላይ የገቢ ቁጥርና ቀን አስጽፉ። ከዚያ በኋላ የምትጠይቁት በስማችሁ ሳይሆን በቁጥሩ ነው። ሰው ይረሳል፤ ቁጥር ያለው ወረቀት ግን የት ጠረጴዛ ላይ እንደተኛ ይፈለጋል።

በር ላይ «እኔ ላስጨርስልህ» የሚሉትን እለፏቸው። ኦሪጅናላችሁን ለማታውቁት ሰው አትስጡ።

ሲሰጣችሁም ከመስኮቱ ሳትርቁ አንብቡት። የእኔው ላይ የእናቴ ስም «ፀሐይ» መሆኑ ቀርቶ «ጸሀይ» ሆኗል። ያየሁት ደስ ብሎኝ በባጃጅ አቶቴ ሰፈር ከደረስኩ በኋላ ነው።