ጣና ዳር ስትቀርጹ ከድምፁ ጀምሩ

የመጀመሪያ ዶክመንተሪዬን ስሠራ፣ ደንገል ታንኳ የሚሠሩ አንድ አባትን ሐይቁ ዳር አስቀምጬ አንድ ሰዓት ሙሉ አወራኋቸው። ማታ ባሕር ዳር ቤቴ ገብቼ ስከፍተው ምስሉ ልብ ይሰርቃል፤ ድምፁ ግን ከዳር እስከ ዳር ነፋስ ነው። ሄድፎኔን ቦርሳ ውስጥ ትቼው ነበር። ለብቻችሁ የምትሠሩ ከሆነ፣ ካሜራውን የሚያስታውሳችሁ አታጡም፤ ድምፁን የሚያስታውሳችሁ ግን የለም።

ጣና ጠዋት ጠዋት ዝም ይላል፤ ከቀትር በኋላ ነፋሱ ይነሣና ውሃው ይናወጣል። ስለዚህ ንግግሩን ከ12 እስከ 3 ሰዓት ባለው ጊዜ ጨርሱ። ብርሃኑም ያኔ ነው የሚያምረው። ከሰዓት በኋላ ንግግር የሌለበትን ቅረጹ።

ትንሿን የልብስ ማይክ ጋቢ ላይ አትሰኩ። ሰውየው እጃቸውን ባነሡ ቁጥር ጨርቁ ይፋተግና ቃሉን ይበላዋል። "አባባ፣ ይቺን ከሸሚዝዎ ሥር ላድርጋት?" ብላችሁ አስፈቅዱና በፕላስተር ለጥፏት። ውጭ ከሆነች ፀጉራሟን የነፋስ መከላከያ አልብሷት። ከፍ ያለው ድምፅ መቅጃው ላይ ባለው የድምፅ መለኪያ -12 ዴሲቤል አካባቢ ይሁን፤ ሰው ድንገት ሲስቅ ዜሮን ከነካ ተበላሸ፣ አይጠገንም። በሞተር ጀልባ እየሄዳችሁም አታናግሩ። ሞተሩን አስጠፉ፤ ጀልባ ነጂው ነዳጅ ስለሚተርፍለት አይከፋውም።

እኚያ አባት ጋ ተመልሼ ስሄድ ጥያቄ አልያዝኩም። ማይኩን ከእጃቸው አንድ ክንድ አርቄ ዝም አልኩ። ደረቁ ደንገል ሲታሰር ይንቋቋል። ገመዱን በእግራቸው ረግጠው ሲስቡ ትንፋሻቸው "እህህ" ይላል፤ ከዚያ ቋጠሮውን በመዳፋቸው ጠብ ጠብ ያደርጉታል። ታንኳ ውሃ እየጠጣ ስለሚከብድ በየጊዜው ወጥቶ ፀሐይ መምታት አለበት። ይህንን ቃለ መጠይቁ ላይ አልነገሩኝም ነበር፤ ገመድ እየሳቡ ሳሉ ለራሳቸው ሲያወሩ ነው የሰማሁት።

ከመነሣታችሁ በፊት የቦታውን ዝምታ አንድ ደቂቃ ቅዱ። ኤዲት ላይ ንግግር ስትቆርጡ ክፍተቱን የምትሞሉት በሱ ነው። ማታ በአምፖል የምትቀርጹ ከሆነ በሰከንድ 25 ፍሬም (ምስል)፣ ሻተሩን (እያንዳንዱ ምስል ብርሃን የሚቀበልበትን ጊዜ) 1/50 ሰከንድ አድርጉ። የኛ ኤሌክትሪክ 50 ኸርዝ ነውና፣ ያለዚያ ምስሉ ሊርገበገብባችሁ ይችላል።

እንደኔ ሴት ከሆናችሁ ክብራን ገብርኤል ገዳም አትገቡም። ካሜራውን ለወንድ ረዳቴ ሰጥቼ ጀልባው ላይ ቀረሁ። መጀመሪያ ተናድጄ ነበር፤ በኋላ ደወሉ በውሃው ላይ ሲመጣ ቀዳሁት። ረዳቴ ካመጣው ምስል ሁሉ እሱ በለጠብኝ።

ማታ ሳትተኙ ፋይሉን ሁለት ሃርድ ዲስክ ላይ ገልብጡ፤ ሁለቱን በአንድ ቦርሳ አትያዙ። የካሜራውን ሚሞሪ ካርድም ጀልባ ላይ አትቀይሩ። የኔ አንዱ እስካሁን ጣና ውስጥ ነው።