ጊዜን የሚመልሰው ዕቃ ታሪካችሁን ሲያበላሽ፦ ችግርና መፍትሄ

ይህን የምጽፈው ምናባዊ ታሪክ ለሚጽፉ የደሴና የኮምቦልቻ ልጆች ነው። ቅዳሜ ቅዳሜ ደሴ ላይ ተሰብስበን የጻፍነውን ጮክ ብለን እናነባለን። ጊዜን የሚመልስ፣ የሚያቆም ወይም የሚያሮጥ ጥንታዊ ምትሃታዊ ዕቃ ያለበት ታሪክ በጣም ብዙ ሰምቻለሁ። ብዙዎቹንም ከጸሐፊዎቹ ጋር ቁጭ ብዬ ጠግኛለሁ። ዕቃውን ማን እንደሠራው፣ የት እንደተቀበረ፣ ምን እንደሚያደርግ ወስናችሁ እንደጨረሳችሁ ቆጥሬ ነው የምጀምረው።

ምልክት፦ ሰው ይሞታል፣ አድማጭ አይደነግጥም

ታሪኩ ውስጥ ቤት ይቃጠላል፣ ሰው ይሞታል። አድማጩ ግን ስልኩን ያያል። አንዷ ተነስታ ቡናው ደረሰ ወይ ትላለች። ጸሐፊው ይህን ሲያይ ሟቾቹን ያበዛል። አንድ የነበረውን አሥር ያደርገዋል። እባካችሁ ይህን አታድርጉ። ይብስበታል።

መንስኤው ዕቃው በነጻ መሥራቱ ነው። ጀግናው ባሻው ቁጥር ወደ ኋላ መመለስ ከቻለ፣ የሚደርስበት ሁሉ የሚታረም ነገር ይሆናል። ለሚታረም ነገር ማን ያለቅሳል?

ከሚመጡልኝ አሥር ታሪኮች ስምንቱ ዘጠኙ በዚህ የታመሙ ናቸው። ስለዚህ አንዱን በደንብ ልንገራችሁ።

የኮምቦልቻ ልጅ ነው የጻፈው። የ17 ዓመት ጀግናው ጦሳ ተራራ ላይ፣ ዋሻ ውስጥ፣ የአሸዋ ሰዓት ያገኛል። ቦርከና ሞልቶ እናቱን ይወስዳቸዋል። አሸዋውን ይገለብጣል፤ እናቱ ይተርፋሉ። ቀጥሎ አጎቱ ይሞታሉ። ይገለብጣል። ከዚያ ጓደኛው። በሦስተኛው ላይ ቤቱ ውስጥ የሚሰማ ሰው አልነበረም።

መጀመሪያ ክልከላ ሞከርን። «የሞተ ሰው አይመለስም» የሚል ሕግ አስገባ። በሚቀጥለው ቅዳሜ ሕጉን የሚሽር ሌላ ዕቃ ጽፎ መጣ። ቀጥሎ ድካም ሞከርን። ጀግናው አሸዋውን ሲገለብጥ ራሱን ያመዋል፣ ይተኛል፣ ጠዋት ደህና ሆኖ ይነሳል። በማግስቱ የሚድን ሕመም ዋጋ አይባልም። አድማጩ ይህን ወዲያው ያውቃል።

በመጨረሻ የአሸዋ ሰዓቱን ራሱን አስጣልኩት። እንዲህ ያሉ ከውጭ ፊልም የተለቀሙ ዕቃዎች ያናድዱኛል። የልጁ ቤት ውስጥ ጊዜን በአሸዋ የለካ ሰው የለም። «እናንተ ቤት ጊዜ በምን ይታወቃል?» አልኩት። ትንሽ አሰበና «በአያቴ ጀበና» አለኝ።

ጉዳዩ እዚያው ተፈታ። አቦል፣ ቶና፣ በረካ። ሦስት ዙር ቡና፣ ሦስት ጊዜ መመለስ። ከበረካ በኋላ ረከቦቱ ይነሳል፤ ይህን ለወሎ ሰው ማስረዳት አያስፈልግም። ዋጋውንም አብረን ፈለግን። በተመለሰ ቁጥር የቤቱ ትንሽ ልጅ ሦስት ዓመት ታረጃለች። ጀግናው የ9 ዓመት እህት አለችው። በአቦል 12 ሆነች፤ ጠዋት ስትነሳ ቀሚሷ ከጉልበቷ በላይ ቀርቷል። በቶና 15 ሆነች። ጓደኞቿ ገመድ ሲዘሉ ዳር ቆማ ታያለች። በበረካ 18 ሆነች። ትናንት «ጋሼ» እያለች ስትጠራው የነበረችው ልጅ በሩ ላይ ቆማለች። ልጁ ዝም ብሎ አያትና «እትዬ» አላት።

ይህን ሲያነብ ቤቱ ጸጥ አለ። ሟች አልጨመረም። እንዲያውም ከሦስቱ አንዱን ቀንሷል።

ስትጠግኑ ዋጋው የሚታይ ይሁን፤ እንደ ቀሚሱ። ጀግናው በሚወደው ሰው ላይ ይውደቅ። መጀመሪያ ዕቃው በሠራ ቀን ይታይ እንጂ መጨረሻ ገጽ ላይ ዱብ አይበል። ደግሞ ዋጋውን የሚያስመልስ ሁለተኛ ዕቃ እንዳታመጡ። ይህን ደግሜ እላለሁ፤ ሁለተኛ ዕቃ አታምጡ! የጠገናችሁትን ሁሉ ያፈርሰዋል።

የጥንት ትረካዎቻችን ይህን ያውቁበታል። የነቢዩ ኤርምያስ ወዳጅ አቤሜሌክ በለሱን ይዞ ተኝቶ ከ66 ዓመት በኋላ ሲነቃ በለሱ ገና ወተቱ ይንጠባጠባል። የሚያውቀው ሕዝብ ግን ወደ ባቢሎን ተማርኳል። በቁርኣን የሚተረኩት የዋሻው ሰዎችም፣ አስሃቡል ካህፍ፣ 300 ዓመትና ዘጠኝ ጨምረው ተኝተው ሲነሱ፣ ምግብ ግዛ ብለው አንዱን ብራቸውን አስይዘው ወደ ከተማ ላኩት። በትረካው ያጋለጣቸው ያ አሮጌ ብር ነው። አንድ በለስ፣ አንድ ብር። ያለፈው ጊዜ ሁሉ እዚያች ላይ ይታያል።

ምልክት፦ አድማጭ «ቆይ፣ ስንት ሰዓት ነው?» ይላል

መንስኤው የውጭ ሰዓት ነው። አንዲት ጎበዝ ጸሐፊ ዕቃዋ «እኩለ ሌሊት 12 ሰዓት ሲሞላ»፣ ድቅድቅ ጨለማ ውስጥ ብቻ እንዲሠራ አደረገች። በእኛ አቆጣጠር ሌሊቱ 12 ሲሞላ ነግቷል። ደሴ ላይ በዚያ ሰዓት የታክሲ ረዳት መጣራት ጀምሯል። እኩለ ሌሊት ከሌሊቱ 6 ሰዓት ነው። ቀኑንም ፈትሹ። ሌላው ዕቃውን «ጳጉሜን 6 ቀን 2013» ላይ አስነሳው። በ2013 ጳጉሜን 5 ቀን ብቻ ነበረች። ስድስተኛዋ ቀን በ4 ዓመት አንዴ፣ በዘመነ ሉቃስ መጨረሻ ነው የምትመጣው፤ 2011፣ 2015፣ 2019 እያለች። ይህቺ ቀን ራሷ ለምትሃት የተሠራች ትመስላለች፤ በዘፈቀደ አታባክኗት።

ምልክት፦ ጊዜ ቆሞ ጀግናው በር ይከፍታል

ጊዜ ከቆመ በሩም ቆሟል። ጀግናው የነካው ብቻ ይንቀሳቀስ ብላችሁ ወስኑና እስከ መጨረሻው ጠብቁት።

ምልክት፦ ከተመለሰ በኋላ ሁሉም ሰው ያስታውሳል

አንድ ሰው ብቻ ያስታውስ።

ምልክት፦ ጀግናው ራሱን ሲያገኝ ማን እንደሚናገር አይታወቅም

ይህ አንዴ ብቻ ነው ያጋጠመኝ። ወጣቱና ሽማግሌው አንድ ሰው ናቸው፣ ስማቸው አንድ ነው፣ ሁለቱም «አንተ» ይባባላሉ። በሁለተኛው ዓረፍተ ነገር አድማጩ ጠፋ። ወጣቱ ሽማግሌውን «እርስዎ» ይበላቸው፤ ሽማግሌው «አንተ» ይበሉት። «አለ» እና «አሉ» ቀሪውን ይለያሉ። ያ ጸሐፊ ይህን ካስተካከለ በኋላ አሥራ አንድ ገጽ ንግግር አነበበልን፤ አንድም ሰው «ማነው ያለው?» ብሎ አላቋረጠውም።