የየኔታን ታሪክ በሕይወት ሳሉ መጻፍ

የካ አባዶ ኮንዶሚኒየም ከገባሁ ወዲህ ብዙ ቀብር ቆሜያለሁ። የማይረሳኝ ግን አንድ አረጋዊ የመጻሕፍት መምህር ያረፉ ዕለት ነው። የሕይወት ታሪካቸው ሲነበብ «ልዩ ልዩ መንፈሳዊ ትምህርቶችን ከታወቁ መምህራን ተምረው» ተባለና ታለፈ። የዕድሜ ልክ ድካም በአንድ መስመር አለቀ። ያንን መስመር የጻፍኩት እኔ ነኝ። ሌሊቱን ድንኳን ውስጥ ልጆቻቸውን ስጠይቅ አደርኩ፤ ልጆቻቸውም አያውቁም ነበር።

ስለዚህ በሰፈራችን ያሉትን ሌላውን የኔታ በሕይወት ሳሉ ጠየቅኳቸው። ከቤተ ክርስቲያኑ ጀርባ ባለች የቆርቆሮ ቤት ያስተምራሉ። ስምንት ቅዳሜ ተመላልሼ ደብተር ሞላሁ። እናንተም በየአጥቢያችሁ እንዲህ ያለ አባት ካላችሁ ከእኔ ስሕተት ተነሡ።

በጾም ከ9 ሰዓት በፊት አትሂዱ። ቅዳሴ ቆመው የዋሉ፣ እህል ያልቀመሱ አዛውንት ናቸው። የምትቀዱ ከሆነ አስፈቅዳችሁ ቅዱ፤ ስልኩን ግን ዓይናቸው ሥር አታስቀምጡት። እኔ ፊታቸው ሳስቀምጠው ስብከት ጀመሩ። ነጠላዬ ላይ ጣል ሳደርገው ነው ወደ ጨዋታ የተመለሱት።

«መቼ ተወለዱ?» ብላችሁ አትጀምሩ። «ፊደል ያስቆጠረዎት ማነው?» በሉ። የኔታ ይህን ስጠይቃቸው ዝም አሉ፤ ከዚያ የመምህራቸውን ስም ከነአባቱ ተናግረው፣ ቀና ብለው «ነፍስ ይማር» አሉ። ከፊደል ወደ መልእክተ ዮሐንስ፣ ከዚያ ወደ ወንጌል፣ ከዚያ ወደ ዳዊት ንባብ እያሉ ራሳቸው ወሰዱኝ።

የሊቅ ታሪክ በየቤቱ ይሄዳል፦ ንባብ ቤት፣ ዜማ ቤት፣ ቅኔ ቤት፣ መጻሕፍት ቤት። በእያንዳንዱ ቤት መምህሩ ማን እንደነበሩ፣ ስንት ዓመት እንደተቀመጡ፣ ምን ይበሉ እንደነበር ጠይቁ። የመጨረሻውን አትዝለሉት። የኔታ ለምዳቸውን ደርበው፣ አኩፋዳቸውን (የልመና ከረጢታቸውን) አንግተው «በእንተ ስማ ለማርያም» እያሉ ሲለምኑ የነከሳቸው ውሻ ጠባሳ አሁንም ቁርጭምጭሚታቸው ላይ አለ። ሱሪያቸውን ከፍ አድርገው አሳዩኝ። ዛሬ የእሳቸው ተማሪዎች የእኛ ብሎክ በር ላይ ሲደርሱ ጥበቃው ይመልሳቸዋል፤ ይህም ታሪካቸው ነውና ጽፌዋለሁ።

«የት አስመሰከሩ?»፣ ማለትም ትምህርቱን ጨርሰው ብቃታቸው የት ተመሰከረላቸው የሚለው ጥያቄ፣ ብቻውን ገጽ ይሞላል። ከዜማ ትምህርቶች ድጓ ከሆነ በጋይንት ያለው ቤተልሔም፣ ዝማሬ መዋሥዕት ከሆነ ዙር አምባ፣ ቅኔ ከሆነ ዋሸራ ወይም ጎንጅ ሊሏችሁ ይችላሉ። ቅኔ ላይ ረጋ በሉ። ቅኔ የሚጀመረው ሁለት ቤት (ስንኝ) ባለው ጉባኤ ቃና ነው፤ እያደገ ስምንት ቤት ያለው መወድስ ላይ ይደርሳል። የመጀመሪያ ጉባኤ ቃናቸውን ያስታውሱ እንደሆነ ጠይቁ። የኔታ ከ50 ዓመት በኋላ ሳይደናቀፉ ነገሩኝ። ግእዙን በራሳቸው አፍ፣ ሰሙንና ወርቁን በራሳቸው ማብራሪያ ጻፉ፤ አታሳምሩት።

አሁን ወደ ከባዱ ነገር፣ ወደ ዓመተ ምሕረቱ። እነዚህ አባቶች ዘመን የሚቆጥሩት በወንጌላውያን ነው። የኔታ «ቅኔ ቤት የገባሁት በዘመነ ዮሐንስ ነው፤ አራት ዓመት ተቀምጫለሁ» አሉኝ። ስሌቱ ቀላል ነው፦ ዓመተ ምሕረቱ ላይ 5500 ደምሩና ለ4 አካፍሉ። 1 ቢተርፍ ማቴዎስ፣ 2 ቢተርፍ ማርቆስ፣ 3 ቢተርፍ ሉቃስ፣ ምንም ባይተርፍ ዮሐንስ ነው። በዚህ 1960፣ 1964 እና 1968 ሁሉም ዮሐንስ ናቸው። የትኛው ነው? «የመሬቱ አዋጅ ሲነገር የት ነበሩ?» አልኳቸው። «እዚያው ቅኔ ቤት፤ መምህራችን የሚተዳደሩበት መሬት የሄደው ያኔ ነው፤ በዓመቱ ጉባኤው ተበተነ» አሉ። አዋጁ የካቲት 25 ቀን 1967 ነውና የገቡት በ1964 ነው። ሌላው መያዣ ፓትርያርኩ ናቸው፦ አቡነ ባስልዮስ ከ1951፣ አቡነ ቴዎፍሎስ ከ1963፣ አቡነ ተክለ ሃይማኖት ከ1968 ጀምሮ። ዲቁና ወይም ቅስና የተቀበሉት በማን ዘመን እንደሆነ አይረሱም።

መጻሕፍት ቤት ላይ ስትደርሱ የተማሩት ብሉይ ኪዳን፣ ሐዲስ ኪዳን፣ የሊቃውንት መጻሕፍት ወይስ የመነኮሳት መጻሕፍት እንደሆነ ለዩ። ከሁለቱ የትርጓሜ ስልቶች የእሳቸው የላይ ቤት ነው ወይስ የመምህር ኤስድሮስ የታች ቤት? ከዚያ አንድ ጥቅስ አቅርቡና ሲተረጉሙ ቅዱ። እኔ የዘሪውን ምሳሌ ጠየቅኩ። ግእዙን አነበቡ፣ ነጠላውን ትርጉም ሰጡ፣ ከዚያ «አንድም» ብለው ወደ ሌላው ትርጓሜ ሲቀጥሉ ድምፃቸው ወጣት ሆነ። ውጭ የነበሩት ተማሪዎች መጥተው በሩ ላይ ተቀመጡ። ሰውየው ሊቅ መሆናቸውን ለማሳየት ያንን «አንድም» እንዳለ መጻፍ ከአሥር ማዕረግ ይበልጣል።

ስለ ማዕረግ ከተነሣ፣ ያልተሰጣቸውን አትስጧቸው። መጋቤ ሐዲስ፣ መሪጌታ፣ ሊቀ ሊቃውንት እያንዳንዱ የራሱ ትርጉም አለው። ደብዳቤው ካለ አይታችሁ ቀኑን ያዙ። ወንበር ዘርግተው ያስተማሩባቸውን ቦታዎች፣ ያገለገሉባቸውን አጥቢያዎች በተራ አስፍሩ፤ ይህ ክፍል አጭር ቢሆን ችግር የለውም።

ሲያልቅ ፊታቸው ቁጭ ብላችሁ ጮክ ብላችሁ አንብቡ። እኔ «ሐዲስ ኪዳንን አስመስክረዋል» የሚለው ላይ ስደርስ የኔታ እጃቸውን አነሡ። «ልጄ፣ ሰምቻለሁ እንጂ አላስመሰከርኩም። መምህሬ ሳልጨርስ አረፉ። ሰርዢው።» ሰረዝኩ። ደግሞ አስጨመሩኝ፦ ዋሸራ ሳሉ ሦስት ክረምት ሙሉ ማታ ማታ ትኩስ ቂጣ ትሰጣቸው የነበረች አንዲት መበለት ነበረች፤ ስሟ ከመምህሮቻቸው ስም ቀጥሎ እንዲገባ ፈለጉ። አስገባሁት። አንዱን ቅጂ ለሰበካ ጉባኤው ጽሕፈት ቤት፣ አንዱን ለሰንበት ትምህርት ቤቱ ሰጠሁ፤ ሦስተኛው የኔታ ጋ ነው፣ ዳዊታቸው ማኅደር ውስጥ።