ጃካራንዳ በመረሬ (ጥቁር ሸክላማ) አፈር ላይ፤ በጋውን እንዴት እናሻግረው?

ሐምሌ ላይ ችግኝ የማይተክል ሰው የለም። ጭቃው አለ፣ ዝናቡ አለ፣ ፎቶም ይነሳል። ጣጣው የሚመጣው ኅዳር ላይ ነው። ሌሊቱ ውርጭ፣ ቀኑ አናት የሚበሳ ፀሐይ ሲሆን ያን ችግኝ የሚያስታውሰው አይገኝም።

እኔ ግን አዲስ አበባ፣ ቱሉ ዲምቱ አካባቢ ቤት እንደገባሁ የተከልኳቸውን ሁለት ጃካራንዳዎች የገደልኳቸው በመርሳት አይደለም። በየማታው አንድ አንድ ጆግ ውሃ እያጠጣሁ ነው የገደልኳቸው። ሲደርቁ ነቅዬ አየሁ። ላይኛው አፈር ሁለት ጣት ያህል ርሷል። ከዚያ በታች ያለው እንደ ሸክላ ደርቋል። ሥሩም ውሃ ፍለጋ ላይ ላዩን ተሰብስቦ ቀርቷል፤ ፀሐይ ደግሞ እዚያው አገኘችው።

መጀመሪያ ቦታ ምረጡ። ከግድግዳ፣ ከውሃ ቧንቧና ከሽንት ቤት ጉድጓድ ቢያንስ አምስት ሜትር ራቁ። ትልቅ ዛፍ ነው የሚሆነው። እንደ ሱሉልታ ያለ ብርዳም ሜዳ ላይ ከሆናችሁ ጃካራንዳን በልጅነቱ ውርጭ ይመታዋል። እዚያ ኮሶ ወይም ቦትል ብራሽ ይሻላል። ኮሶ ደጋ አገሩ ነው፤ አበባው ሲንዠረገግ ደግሞ ከማንም አያንስም።

ከዚያ አፈሩን እወቁ። በእንጦጦ ተዳፋት በኩል ቀይ አፈር ያላችሁ ዕድለኞች ናችሁ፤ ይህን አንቀጽ ዝለሉት። እኛ መረሬ ላይ የሰፈርነው ሁለት ጠላት አለብን። መረሬ ክረምት ላይ ውሃ ይዞ ያብጣል፣ ሥር ያበሰብሳል። በጋ ላይ ይሰነጠቃል፤ ስንጥቁ እጅ ያስገባል፣ ሥር ይበጥሳል። ስለዚህ 60 ሳንቲ ሜትር ስፋትና ጥልቀት ያለው ጉድጓድ ቆፍሩና ማታ ላይ ውሃ ሙሉበት። ጠዋት ውሃው እዚያው ከጠበቃችሁ፣ ጉድጓዱ ገንዳ ነው ማለት ነው። ጉድጓዱን በአፈር መልሳችሁ ሙሉትና አፈሩን ወደ 30 ሳንቲ ሜትር ከፍ አድርጋችሁ ሰፊ ጉብታ ሥሩ። ችግኙን ጉብታው ላይ ትከሉ።

ስትተክሉ ፕላስቲኩን ቅደዱ። ቀልድ አይደለም፤ ከነፕላስቲኩ የሚቀብር ብዙ ነው። ታች የተጠመጠመ ሥር ካለ በምላጭ ቁረጡት። አፈሩን ከበሰበሰ ፍግ ጋር ደባልቁ። ትኩስ እበት ግን ያቃጥላል። ግንዱ ፕላስቲኩ ውስጥ እስከነበረበት ድረስ ብቻ ይቀበር።

አሁን ወደ ውሃው። በችግኙ ዙሪያ አንድ ሜትር ስፋት ያለው ክብ ክትር በአፈር ሥሩ። የመጀመሪያው በጋ ላይ በሳምንት አንድ ጊዜ አንድ ባለ 20 ሊትር ጀሪካን ይበቃል። ዋናው ነገር ቀስ ብሎ መውረዱ ነው። አሮጌ ጀሪካን ፈልጉ። ምስማር በእሳት አግላችሁ ጎኑን ከታች ብሱት። ሞልታችሁ ክትሩ ውስጥ አስቀምጡና ክዳኑን ትንሽ አላሉት። ክዳኑ ጥብቅ ካለ አየር ስለማይገባ ውሃው ቀጥ ይላል። ስታላሉት ይንጠባጠባል። እንደ ቧንቧ መክፈቻ ነው የሚያገለግላችሁ። ማታ አስቀምጣችሁት ብታድሩ ጠዋት ባዶ ጀሪካንና ጥልቅ እርጥበት ታገኛላችሁ። ውሃ በፈረቃ ለሚመጣበት ሰፈር ከዚህ የተሻለ ዘዴ አላየሁም።

መድረሱን በምን ታውቃላችሁ? ሰፈራችን በግንባታ የተከበበ ስለሆነ ቁራጭ ፌሮ አይጠፋም። በማግስቱ ፌሮውን ክትሩ ውስጥ ውጉት። እርጥብ አፈር ያስገባዋል፤ ደረቁ ጋ ሲደርስ ግትር ይላል። ግማሽ ሜትር ያህል ከገባ ጥሩ ነው። አንድ ስንዝር ላይ ከቆመ ውሃው አልወረደም፣ ጨምሩ። ሳምንት ቆይቶም በቀላሉ የሚገባ ከሆነ ግን ተዉት፣ አልጠማውም።

ክትሩን በገለባ ወይም በደረቅ ሳር አንድ ስንዝር ያህል አልብሱት። ግንዱን እንዳይነካ ትንሽ አርቁ፣ አለበለዚያ ልጡ ይበሰብሳል። አፈሩ መሰንጠቅ ሲጀምር ስንጥቁን በደቃቅ አፈርና ብስባሽ ድፈኑት። የጎመንና የድንች እጣቢ ይሁንላችሁ፣ ሳሙናና በረኪና ያለበትን ግን ሌላ ቦታ ድፉት። የሳሙናው ጨው መረሬን ይብስ ያደድረዋል።

ለፍየሉ እሾህ እጠሩ። ይህን ካልኩ በቂ ነው።

ሁለተኛው በጋ ላይ ክትሩን አስፉትና በሁለት ሳምንት አንዴ ሁለት ጀሪካን ስጡት። በሦስተኛው በወር አንዴ። ሥሩ ውሃውን ተከትሎ ይወርዳልና ከዚያ በኋላ ራሱን ይችላል። ካደገ በኋላ ውሃና ፍግ ማብዛት ቅጠል እንጂ አበባ አይሰጥም። ጫፉንም አትቁረጡት፤ ቀጥ ያለ እንጨት ያወጣና ቅርጹ ይበላሻል። ከዘር የበቀለ ከሆነ ለማበብ ዓመታት ስለሚፈጅ ታገሡ።

በጋው ሲገፋ ጃካራንዳ ቅጠሉን ያራግፋል። ያኔ ብዙ ሰው ይደነግጣል። የእኔም ጎረቤት በኋላ የተከልኩትን አይተው አጥር ላይ ሆነው «ልጄ፣ ይሄ እኮ አልቆለታል፤ ለማገዶ ስጠኝ» አሉኝ። «እማማ፣ ትንሽ ይጠብቁ» ብዬ ቅርንጫፉን በጥፍሬ ጫር አደረግኩት። ከልጡ ሥር አረንጓዴ ነበር።