ወደ ግዛት ፖለቲካ የሚገባ ሐኪም ሊያስወግዳቸው የሚገቡ ስህተቶች

በአሜሪካ ግዛቶች ለምርጫ የሚወዳደር ሐኪም ብዙ ጊዜ ከጠበቃና ከነጋዴ ቀድሞ ጆሮ ያገኛል። ይህ አመኔታ ግን ለምርጫ ያበቃው ይሆናል እንጂ ሕግ አያጸድቅለትም፤ ብዙዎች የሚሰናከሉትም በምርመራ ክፍል ያዳበሩትን ልማድ እንዳለ ይዘው ምክር ቤት ሲገቡ ነው። (ከዚህ በታች ያሉት ዓመታት፣ ወራትና ቀናት በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

የመጀመሪያው ስህተት ከላይ ለመጀመር መቸኮል ነው። የኦሪገኑ የድንገተኛ ሕክምና ሐኪም ጆን ኪትዝሃበር በ1995 አገረ ገዢ የሆኑት በ1978 ለታችኛው ምክር ቤት፣ በ1980 ደግሞ ለሴኔት ተመርጠው፣ ሴኔቱንም ለስምንት ዓመታት በፕሬዚዳንትነት ከመሩ በኋላ ነው።

ሁለተኛውና በእኔ ግምት ከሁሉም የከፋው፣ ሕግን እንደ መድኃኒት ማዘዣ መቁጠር ነው። ኪትዝሃበር የሴኔቱ ፕሬዚዳንት ሳሉ የመሩት የ1989 ሕግ ሕክምናዎችን በቅደም ተከተል ደርድሮ፣ ገንዘቡ እስከፈቀደበት ተራ ድረስ በመክፈል፣ ለድሆች የሚሰጠውን የሜዲኬይድ (የመንግሥት የጤና መድን) ሽፋን ለብዙ ሰው ለማዳረስ የታሰበ ነበር። ዝርዝሩን እንዲያዘጋጅ በሕጉ የተቋቋመው ኮሚሽን በ1990 ወጪንና ጥቅምን በቀመር አስልቶ ያወጣው የመጀመሪያ ዝርዝር ግን ለጥርስ ሽፋን ማስገጠምን ከማሕፀን ውጭ ለተፈጠረ እርግዝና ከሚደረገው ሕይወት አዳኝ ቀዶ ሕክምና በላይ አስቀመጠው። ደረጃው ሕዝቡ በስብሰባዎች የተናገረው ታክሎበት እንደገና ተሠራ፤ በ1992 የፌዴራሉ መንግሥት የአካል ጉዳተኞችን መብት ሕግ ጠቅሶ ዕቅዱን ውድቅ አደረገው፤ ተሻሽሎ በ1993 ጸደቀና ሥራው በ1994 ተጀመረ። ዛሬ መርምሮ ዛሬ ማዘዝ የለመደ ሰው እንዲህ ያለውን መጓተት እንደ ንቀት ሊቆጥረው ይችላል፤ ነገር ግን ዝርዝሩን ያረመው ያ ረጅም ክርክር ነው።

ተቃዋሚው ያልተስማማው መረጃ ስለጎደለው ብቻ ነው ብሎ ማሰብም ከዚሁ የሚመነጭ ስህተት ነው። የያኔው የቨርጂኒያ አገረ ገዢ፣ ዴሞክራቱ ራልፍ ኖርተም የሕፃናት የነርቭ ሐኪም ቢሆኑም፣ በ2018 የሜዲኬይድ ሽፋን እንዲሰፋ ያስቻለው የሕክምና ማስረጃ ብቻ አልነበረም፤ አንዳንድ ሪፐብሊካኖች ድምፃቸውን የሰጡት ተጠቃሚዎች እንዲሠሩ የሚያስገድድ ቅድመ ሁኔታ ተካቶ ነው። ሽፋኑ በጥር 2019 ተጀመረ፤ ቅድመ ሁኔታው ግን ሥራ ላይ ሳይውል ቀረ።

ክሊኒክን ቶሎ መዝጋትም አይበጅም። በብዙ ግዛቶች የምክር ቤት አባልነት የትርፍ ጊዜ ሥራ ሲሆን፣ በኒው ሃምፕሸር ደመወዙ በዓመት 100 ዶላር ብቻ ነው። የቨርሞንቱ ሃዋርድ ዲን ምክትል አገረ ገዢ ሆነውም በሽተኞችን ያዩ ነበር፤ ነሐሴ 14 ቀን 1991 አገረ ገዢው ማረፋቸውና ሥልጣኑ ወደ እርሳቸው መዞሩ የተነገራቸው በሽተኛ እየመረመሩ ሳለ ነው። ሁለቱን ሥራዎች የያዘ ሰው ግን ስለ ሐኪሞች ክፍያ ድምፅ ሲሰጥ የራሱን ጥቅም አስቀድሞ ማሳወቅ፣ የበሽተኛንም ታሪክ ያለ ፈቃድ በመድረክ አለመናገር አለበት። በትንሽ ከተማ ስሙ ባይጠራም ሰውዬው ይታወቃል። የጥቅም ግጭት ጉዳይ ለቤተሰብም ይተርፋል፤ ኪትዝሃበር አራተኛ ዘመናቸውን በጀመሩ በወሩ፣ በየካቲት 2015 ሥልጣን የለቀቁት ከእጮኛቸው የማማከር ሥራ ጋር በተያያዘ በተነሣ የሥነ ምግባር ጥያቄ ነው።

የመጨረሻው ሳያጣሩ መልስ መስጠት ነው። በየካቲት 2019 በኖርተም የ1984 የሕክምና ትምህርት ቤት የምረቃ መጽሔት ገጽ ላይ ዘረኛ ፎቶግራፍ ሲገኝ፣ በመጀመሪያው ቀን በፎቶው ውስጥ እንዳሉ አምነው ይቅርታ ጠየቁ፤ በማግስቱ ደግሞ እኔ አይደለሁም አሉ። እስከ ጥር 2022 በሥልጣን ቢቆዩም፣ በራሳቸው ፓርቲ ውስጥ ሳይቀር ይውረዱ የሚለውን ጥሪ ያባባሰው በአንድ ቀን ልዩነት የተሰጠው ሁለተኛው መልስ ነው።